ሥራ የገባው ሹራብ

(የወሊድ ፈቃድ አርባ አምስት ቀን በነበረበት ዘመን ነው። ጸሐፊዋ ከአራስ ቤት ወጥታ ሥራ ከገባች ሦስት ወሯ፤ ይቺን ወንበር ካጣች ሌላ የምትይዘው የላትም። አለቃዋ የማያውቀው ነገር የለም፤ እሱ እንደሚለው ማለት ነው። አራት ሰዓት ሊሆን ሲል፣ ልትወጣ ስትነሳ ደርሶባት፣ ከወንበሯ ላይ ያነሳውን ሹራብ በሁለት ጣቱ አንጠልጥሏል።)

አለቃ፦ ወር ሙሉ በበሩ ሳልፍ "በርቺ" ስለው የከረምኩት ይሄንን ሹራብ ነው?

ጸሐፊ፦ ምን አጠፋ ጌታዬ?

አለቃ፦ እሱማ ከአንቺ ይሻላል፤ አራት ሰዓት ላይ ወንበሩን ጥሎ አይሄድም።

ጸሐፊ፦ እሱ ልጅ የለውማ።

አለቃ፦ ተቀመጪና ጻፊ። የስንብት ደብዳቤ።

ጸሐፊ፦ ለማን?

አለቃ፦ ለአንቺ።

ጸሐፊ፦ ካርቦን ላድርግበት?

አለቃ፦ አድርጊ። "ሠራተኛዋ በየቀኑ ልጇን ለማጥባት ከሥራ ገበታዋ እየጠፋች..."

(በጽሕፈት መኪናዋ ትመታለች። ጣቷ ለአፍታም አልቆመም።)

አለቃ፦ የእኔን ሚስት አታይም? ባንክ ቤት ነው የምትሠራው፤ ከመስኮቷ ንቅንቅ አትልም። ልጃችን ግን ጉንጯ ሊፈነዳ ደርሷል። ለምን? ሥርዓት ስላለን።

ጸሐፊ፦ ሥርዓት ያወፍራል እንዴ?

አለቃ፦ ምን ይገባሻል። ጠዋትና ማታ ጡት፣ ቀን ጡጦ።

ጸሐፊ፦ ጡጦውን እኮ እንቢ ብላለች።

አለቃ፦ ማን?

ጸሐፊ፦ ልጅዎ ናታ። ትተፋዋለች።

አለቃ፦ አንቺ በምን አወቅሽ?

ጸሐፊ፦ ከመሥሪያ ቤቱ ጀርባ ልጅ የሚይዙት እማማ ጋ አይደል የምትውለው? የእኔም እዚያው ናት። አንድ ቀን ስገባ በረሃብ ታለቅሳለች፤ አንጀቴ አልችል አለ፣ ብድግ አድርጌ አጠባኋት። ከዚያ ወዲህ ቀኙ የእኔዋ፣ ግራው የእርስዎዋ ነው።

አለቃ፦ (ሹራቡን ቀስ አድርጎ ያስቀምጣል) ሚስቴ ታውቃለች?

ጸሐፊ፦ ኋላማ እሳቸው ራሳቸው መጥተው ለመኑኝ። "ለሱ እንዳትነግሪው፤ ሳያውቅ የቀረ ነገር ሲኖር ያመዋል" ብለውኛል። እና ምክንያቱን እንዴት ልጨርሰው? "የአለቃዋን ልጅ ስታጠባ ስለተገኘች" ልበል?

አለቃ፦ (ሰዓቱን አይቶ ይደነግጣል) አራት ከሩብ ሆኗል እኮ። እስካሁን እዚህ ምን ትሠሪያለሽ? ልጄ ራባት።

ጸሐፊ፦ ያለ ፈቃድማ አልወጣም። (ወረቀቱን ከመኪናው ትመዛለች) እዚህ ጋ ይፈርሙልኝ።

አለቃ፦ ይሄ ስንብቱ ነው?

ጸሐፊ፦ የለም፣ የየቀኑ የአራት ሰዓት መውጫ ፈቃድ ነው። እርስዎ ሲያስጽፉኝ እኔ ይቺን ነበር የምመታው። ቶሎ ይፈርሙ እንጂ፤ የእኔዋ ትጠብቃለች፣ የእርስዎዋ ግን ትዕግሥት የላትም። አባቷን ናት።