ታዛቢዋ ልጅና የአልጋነሽ ላም

ደጃፌ ላይ ተቀምጬ ቀንበር እየጠረብሁ ነው፤ ልጅቷ ታየኛለች። መጥረቢያውን አስቀምጬ አፍንጫዬን አበስሁ፤ እሱንም አየችው። ፊቴን አዞርሁ፤ ማዞሬንም አየችው። እግሯን ሰብስባ፣ አገጯን በመዳፏ ደግፋ፣ ሙሽራ እንደሚያይ ሰው ትኩር ብላለች። እኔ ደግሞ እንኳን ዛሬ፣ የእውነት ሙሽራ በነበርሁ ጊዜም ይህን ያህል ያየኝ ሰው የለም።

ሰው እያያችሁ ሥራ ሠርታችሁ ታውቃላችሁ? ዕድሜ ልኬን የጠረብሁት ቀንበር ያን ዕለት እምቢ አለኝ። እጄ የራሴ አልመስል አለኝ። ማሳል ሲያምረኝ «አሁን ብስል ምን ትለኝ ይሆን?» እያልሁ ሳሌን ዋጥሁት። ሰው በገዛ ሳሉ እንኳ ካላዘዘ ምኑን አባወራ ሆነ?

ሜሮን ትባላለች። ከጎንደር ከተማ የመጣች ማኅበራዊ ሠራተኛ ናት። ሥራዋ ምን እንደሆነ ስትነግረኝ መጀመሪያ አላመንኋትም። ሰው ቤት ገብቶ፣ ተቀምጦ፣ አይቶ መሄድ ነው። «እንዴት እንደሚውሉ፣ ከማን ጋር እንደሚጫወቱ፣ ምን እንደሚበሉ ልይ ብዬ ነው፤ እኔ የለሁም ብለው ሥራዎን ይሥሩ» አለችኝ። እኔ የለሁም ብለው! እንግዳ እፊታችሁ ቁጭ ብሎ የለም ትሉታላችሁ? ድመት እንኳ ቤት ስትገባ «አለች» ነው የሚባለው። ደብተር እንኳ አልያዘችም፤ ሁሉን የምትሰበስበው በዓይኗ ነው።

የላከችብኝ የገዛ ልጄ ናት፤ የሺ። የሺ አዘዞ፣ ኮንዶሚኒየም ላይ ነው የምትኖረው። እኔ ያለሁት ከትክል ድንጋይ ወዲያ ነው። ነገሩ የመጣው በስልክ ነው።

እናቷ ይርገዱ በሕይወት ሳለች ስልኩን የምትይዘው እሷ ነበረች። «አባትሽም ሰላም ብሎሻል፣ ስለ ልጆቹም ጠይቆሻል፣ ብርድ ላይ አትውጪ ብሎሻል» ትላለች። እኔ አጠገቧ ቁጭ ብያለሁ እንጂ ምንም አላልሁም። ግን ልል ያሰብሁትን ታውቀው ስለነበር ውሸት አይባልም። ይርገዱ አምና ዐረፈች። ስልኩም እኔ እጅ ገባ። የሺ «እንዴት ነህ አባዬ?» ትላለች፤ «ደኅና» እላለሁ። ከዚያ ወዲያ ምን ቀረ? ደኅና ካልሁ ደኅና ነኝ። እሷ ግን «ሃሎ? ሃሎ?» እያለች ኔትወርኩን ትረግማለች።

እንዲህ እንዲህ ሲል፣ አባቴ በሐዘን አፉ ተዘጋ፣ ብቻውን ሊሞትብኝ ነው አለች። አዘዞ ወስጄ ከእኔ ጋር አኖረዋለሁ አለች። አንድ ጊዜ ሄጄ አይቸዋለሁ። ቤቱ ሸጋ ነው፤ ምን ይወጣለታል። ግን ጠዋት ተነሥቼ በሩን ብከፍት ያየሁት ሌላ በር ነው። ዘጋሁት። ቆይቼ ብከፍት ያው በር ነው። ሰው እንዴት በር ሲያይ ይውላል? አልሄድም አልኋት። እሷም የእናቷ ልጅ ናትና አልለቀቀችኝም። በመጨረሻ፣ ከከተማ አዋቂ ሰው ይምጣና አይቶ ይፍረድ፤ ብቻውን መኖር አይችልም ካለ ግን ቤቱን ዘግተህ ትመጣለህ አለችኝ። እሺ አልሁ። በአንዲት «እሺ» ቤቴን፣ በሬዎቼንና የይርገዱን መቃብር እልጅቷ ዓይን ላይ አስቀመጥሁ ማለት ነው።

ሜሮን ማታ ማታ ጤና ጣቢያ ከምትሠራ ጓደኛዋ ዘንድ እያደረች ጠዋት ጠዋት ትመጣለች። መጥፎ ልጅ አይደለችም። ብቻ ያየችውን ሁሉ ትርጉም ታበጅለታለች። ከሰዓት በኋላ ግድግዳውን ተደግፌ ወደ መንገዱ ዞሬ እቀመጣለሁ። «የሚጠብቁት ሰው አለ አባባ?» አለችኝ፣ ድምፅዋን ዝቅ አድርጋ። የለም አልኋት። እዚያ የምቀመጠው ነፋስ ስለማያገኘኝ ነው። እሷ ግን ዓይኗ እንባ አቀረረ። እውነቱን ለመናገር መንገዱንም አያለሁ። ፊቱን ወደ መንገድ አዙሮ ተቀምጦ መንገዱን የማያይ ማን ነው?

እኔም ዝም ብዬ አልታየሁም፤ እኔም እሷን አያት ነበር። አንዳንዴ ፊቷ ቅጭም ይላል። ይች ልጅ የልቧ ሰው ከድቷት ነው ብዬ አዘንሁላት። ለካ ጫማዋ ጠቧት ኖሯል። ተያይተን ተሳሳትን ማለት ነው።

ጣጣው የመጣው በጎረቤቴ በአልጋነሽ ላም ነው። አልጋነሽን የማያውቅ የለም። ሸጋ ሴት ናት፤ እጇ ሰፊ ነው፤ ወሬዋም እንደ እጇ ነው። ባሏ ከእርሻ የሚመለሰው ሲመሽ ብቻ ነው፤ ለምን እንደሆነ አልጠየቅሁትም። በሁለተኛው ቀን ሜሮን እግሯን ላፍታታ ብላ ወደ ጓሮ ዞረችና ላሚቱን አገኘቻት። ቆመችና አየቻት። አየቻት፣ አየቻት፣ ከዚያ አንድ ቃል ሳትናገር ተመለሰች። እንግዲህ በእኛ አገር የሰው ከብት አይቶ «ማርያም ትጠብቅልሽ» ሳይሉ ማለፍ ምን ማለት እንደሆነ ታውቃላችሁ። ልጅቷ ግን አይተሽ ዝም በይ ተብላ ነው የተማረችው። ለላምም ይሠራል ብላ ይሆናል።

በማግስቱ ማለዳ አልጋነሽ ባዶ ማለቢያዋን አንጠልጥላ ደጄ ደረሰች። ከኋላዋ ግማሹ መንደር አለ። «ላሜ ነጠፈች!» አለች። «ጠብ የሚል ወተት የለም! ትናንት ይች ልጅ ስታያት ነበር። ዓይኗ ደኅና አይደለም፤ ከመጣች ጀምሮ ታያለች፣ ታያለች፣ አንድ ቀን ይባርክ አላለች!» ሴቶቹ ነጠላቸውን ወደ ሕፃናቱ ፊት ሳቡ። አንዱ ሽማግሌ፣ ክፉ ሳይመጣ ልጅቷ ወደ መጣችበት ትመለስ አለ። ሌላው ዛሬውኑ አለ። ሜሮን ፊቷ ዐመድ መሰለ። ምንም አላጠፋሁም ለማለት አፏን ከፈተች፤ ግን ስትደነግጥ ዓይኗ ይፈጥጣል፤ ያም አልጠቀማትም።

እኔ ከቀንበሬ ቀና አላልሁም። ልቤ ግን ሥራ ላይ ነበር። ልጅቷ ዛሬ ተባርራ ብትሄድ ምን ይሆናል? የሺ ነገ በማኪና ትመጣለች። ደግሞ ያች ልጅ እንዲህ ተዋርዳ ሄዳ ስለ እኔ ምን ሸጋ ነገር ትናገርልኛለች? በሌላ በኩል ዝም ብል ማን ይጠይቀኛል? ዝም ማለት እንደሆነ የለመድሁት ሥራ ነው።

«ጥጃዋ ናት» አልሁ።

ሁሉም ዞሩ። ከይርገዱ ቀብር ወዲህ ድምፄን ያልሰማ ሰው እዚያ መሀል ነበር።

«ምን አሉ አያ ታከለ?» አለች አልጋነሽ።

«ጥጃዋ። ገመዷን ፈትታ ጠብታታለች። ጎሕ ሲቀድ ወደ ቤተ ክርስቲያን ሳልፍ ከላሚቱ ሥር አይቻታለሁ።»

ሄደው አዩ። ጥጃዋ ሆዷ እንደ ከበሮ ተነፍቶ፣ አፏ ላይ አረፋ እንደ ያዘ፣ ዓለሟን እያየች ተኝታለች። መንደሩ ሳቀ። አልጋነሽ ግን አልሳቀችም፤ ማለቢያዋን ይዛ ወደ እኔ ተመለሰች።

«ምነው አንቱ! በዓይንዎ አይተው ምነው አልነገሩኝም?»

«አልጠየቅሽኝም።»

እውነት ነበር። እውነት ግን ሁልጊዜ ሰውን አያስታርቅም። አልጋነሽ ማለቢያዋን መሬት አስቀምጣ ለሜሮን አቤቱታዋን ጀመረች። «አየሽልኝ ልጄ? እንዲህ ናቸው! ቤቴ ቢቃጠል አይተው ያልፋሉ!» ሜሮን፣ ቅድም መከሰሷን ረስታ፣ ቀስ ብላ አንድ ነገር ጠየቀቻት። እንዲህ ዝም ማለት የጀመሩት ባለቤታቸው ካረፉ ወዲህ ነው ወይ አለቻት።

«እሳቸው?» አለች አልጋነሽ። «ኧረ በማርያም! ድሮም! የሠርጋቸው ዕለት ሽማግሌ ቢጠይቃቸው ለእሳቸው የመለሰችው ሙሽራይቱ ናት አሉ። ነፍሷን ይማርና ይርገዱ ናት የሁለቱንም ስታወራ የኖረችው።»

ሜሮን ዞር ብላ አየችኝ። ያን ጊዜ ያየችኝ አስተያየት ከቀድሞው ይለያል፤ እንዴት እንደሚለይ አልጠየቅኋት። ብቻ እጄ ቀንበሩ ላይ አልከዳኝም።

ወዲያው ስልኳን አውጥታ፣ እኛም እንድንሰማ አድርጋ፣ ለየሺ ደወለችላት። «አባትሽ አልታመሙም» አለቻት። «ይበላሉ፣ ይሠራሉ፣ ቤተ ክርስቲያን ይሄዳሉ፤ ሁሉንም ያያሉ። የተለወጡት እሳቸው አይደሉም። በስልክ ስታወሪ የኖርሽው ከእናትሽ ጋር ነው፤ የጎደለችብሽ እሷ ናት።» የየሺ ትንፋሽ ብቻ ይሰማል። እኔም ዝም፣ እሷም ዝም፤ ሜሮን ግን «ሃሎ?» አላለችም። ልጄ እኔን መምሰሏን ያን ዕለት ነው ያወቅሁት። ቆይታ፣ በቀጠነ ድምፅ፣ «እሺ፣ እዚያው ይሁንልህ አባዬ» አለች። «ደኅና» አልኋት። የዚያን ቀኑ «ደኅና» ብዙ ነገር ነበረበት፤ እንደ ሰማችው አውቃለሁ።

ቤቴ ተረፈ። በሬዎቼም። ለሜሮን ማር በዳቦ አቀረብሁላት፤ እስከዚያ ቀን «የለሁም» ስትል የነበረችው ልጅ አሟጥጣ በላች። ከመሄዷ በፊት፣ አልጋነሽ እስክትስቅ ድረስ ላሚቱንም፣ ጥጃዋንም፣ ዶሮዎቹንም አንድ በአንድ «ማርያም ትጠብቅልሽ» ብላ ተሰናበተች። ማኪና ላይ ስትወጣ ግን አንድ ቃል ወረወረች። አባባ እዚሁ ይኑሩ፤ ብቻ ቀን በቀን ሰው ገባ ብሎ ቢያጫውታቸው መልካም ነው አለች።

የተማረ ሰው ንግግሩን የት ላይ ማቆም እንዳለበት ቢያውቅ ምን አለ?

በማግስቱ መጥረቢያዬን ይዤ ደጃፌ ላይ ተቀመጥሁ። የሚያየኝ የለም። አሳልሁ፤ እንደ ልቤ። አፍንጫዬን አበስሁ። መንገዱን አየሁ። ይህ ነው ኑሮ እያልሁ ሳለ አልጋነሽ ከአጥሩ ብቅ አለች። እንዝርቷን ይዛለች፤ በሌላ እጇ አንድ ቁና ሙሉ ባዘቶ። ይህን ያህል ጥጥ ይዛ የመጣች ሴት መቼ እንደምትሄድ እናንተው ገምቱ። ሜሮን ትቀመጥበት ከነበረው ቦታ ላይ ተደላድላ ተቀመጠች፣ እንዝርቷን አሾረች፣ ከዚያ እንዲህ አለችኝ፦

«ሥራዎን ይሥሩ አያ ታከለ፤ እርስዎ ምንም አይናገሩ፤ የሁለታችንንም እኔ አወራዋለሁ።»