ቆሻሻው መቼ ያልቃል?

በእኛ ሰፈር «ጊዜያዊ» የተባለ ነገር ዕድሜው ረጅም ነው። መርካቶ ውስጥ «ለዚህ ክረምት ብቻ» ተብሎ የተወጠረ ሸራ ስንት ክረምት እንዳሳለፈ ባለቤቱም አያውቀው። እኔ ራሴ በርበሬ በረንዳ የገባሁት «እስኪ ለጊዜው» ብዬ ነው፤ ይኸው እዚያው እያስነጠስኩ እዚያው ሸበትኩ። ሰውም እንደ ሸራው ለጊዜው ተወጥሮ እንደሚኖር፣ ያውም በመንግሥት ማኅተም፣ ግን አልጠረጠርኩም ነበር። ዘቢባ ናት ያስደነገጠችኝ።

ዘቢባ ከሱቄ ፊት ለፊት ባለው የመንግሥት ቢሮ የጽዳት ሠራተኛ ናት። ጠዋት እኔ ሱቄን ስከፍት እሷ ደረጃውን ስትወለውል እንተያያለን። «እንዴት አደሩ ጋሼ» ትለኛለች፣ በእኔ በርበሬ ምክንያት ትስላለች፣ ከዚያ ትስቃለች። ኃላፊዎች ሲሾሙም ሲሻሩም እሷ እዚያው ናት። እኔ የማውቀው መንግሥት እሷ ነበረች ብል ማጋነን አይሆንም፤ በግብር የተማረርኩ ቀን እንኳ አቤቱታዬን የማሰማው ለሷ ነበር። እሷም መጥረጊያዋን ተደግፋ «ይሻሻላል ጋሼ፣ ይሻሻላል» ትለኛለች።

አንድ ክረምት ያንኑ ደረጃ ስትወለውል አዳለጣትና እግሯ ተሰበረ። ልጠይቃት አብነት ሰፈር ጀርባ ወዳለው ቤቷ ብሄድ፣ እግሯ በጄሶ ተጠቅልሎ፣ ዓይኗ በለቅሶ ቀልቶ አገኘኋት።

«አይዞሽ፣ መንግሥት አለልሽ» አልኳት።

«የቱ መንግሥት ጋሼ? አሰናበተኝ እኮ!»

ክው አልኩ። ለካ ይህች ሴት ይህን ሁሉ ዓመት ጊዜያዊ ሠራተኛ ሆና ኖራለች! በየጥቂት ወሩ ውሏ ያልቃል፤ ጥቂት ቀን ቤቷ ትቀመጥና እንደ አዲስ ሰው ትቀጠራለች። አሁን አልጋ ላይ እንዳለች ውሏ አለቀ፣ የሚያድስላት ጠፋ። ሁለት ልጆች የምታሳድገው ደግሞ ብቻዋን ነው።

እግሯ ሲጠገን «እከሳለሁ» አለች። ሰፈሩ ተንጫጫ። «ሰማይ አይታረስ፣ ንጉሥ አይከሰስ» ያላት አለ። «የቆጡን አወርድ ብላ…» ብሎ የጀመረላትም አለ። «የብብቴንማ ወስደውታል፣ ምን ቀረኝ?» ብላ ሄደች።

አቤት ያለችበት የመጀመሪያው መሥሪያ ቤት «ቋሚ ስላልሆንሽ ጉዳይሽ እኛን አይመለከትም» አላት። ሁለተኛው «የመንግሥት ስለሆንሽ እኛን አይመለከትም» አላት። እናንተዬ! ለአንዱ የመንግሥት ሰው ሆና፣ ለሌላው ሳትሆን፣ ሴትዮዋ መሀል ላይ ልትተን ምን ቀራት? ብዙ ተመላልሳ፣ ጫማዋም ትዕግሥቷም ካለቀ በኋላ ነው አንድ ችሎት «እናየዋለን» ያላት።

ምስክር አስፈለገ። የሥራ ባልደረቦቿ አብዛኞቹ እንደሷው ጊዜያዊ ናቸውና ዓይናቸውን ሰበሩ። እኔ፣ የበርበሬ ነጋዴው፣ ቀረሁ። ቀርቤ፣ ምዬ፣ በየማለዳው ያየሁትን ተናገርኩ። የቢሮው ነገረ ፈጅ ሱፉ የተተኮሰ፣ ምላሱ የተሳለ ወጣት ነው። «የጽዳት ሥራው በባሕርዩ ጊዜያዊ ነው» እያለ ሲያብራራ፣ አምላክ ያሳያችሁ፣ እኔው ምስክሯ ላምነው ምንም አልቀረኝም። ዳኛዋ መነጽራቸውን ዝቅ አድርገው አዩት።

«እንግዲያው ቆሻሻው መቼ ያልቃል ብላችሁ ነው የምትጠብቁት?»

ወደ ሥራዋ ትመለስ፣ ቋሚም ትሁን ተብሎ ለዘቢባ ተፈረደላት።

ኮሪደሩ ላይ እያለቀሰች ስታቅፈኝ፣ ያ ነገረ ፈጅ ከኋላችን ሮጦ ደረሰ። ደግሞ ምን ሊያመጣብን ነው ብዬ ሰጋሁ። ግራ ቀኙን አየና ድምፁን ቀነሰ።

«እትዬ ዘቢባ፣ ይቅርታ… ክሱን ያዘጋጀልዎት ማን ነው?»

«ምነው? እሱንም ልትከራከረው ነው?»

«የለም። እኔም ጊዜያዊ ነኝ።»

እናንተ ብትሆኑ ምን ትላላችሁ? «ጊዜያዊ ቋሚ ሊሆን አይገባውም» ብሎ ሲሟገት የዋለው ሰው! ያን ሁሉ አንቀጽ በቃሉ የሚወጣው ሰው! ዘቢባ ግን አልተደነቀችም። ዝንጀሮም መጀመሪያ መቀመጫዬን ብላለች።

«እሺ ልጄ፣ እነግርሃለሁ። ብቻ ይግባኝ እንዳትልብኝ።»

«ይግባኝ ካላልኩማ ውሌን አያድሱልኝም» አለ አንገቱን ደፍቶ።

ይግባኝ አለም። አጥብቆ አለ። ተረታ፤ ውሉም ሳይታደስ ቀረ። እሱም በተራው ቢሮውን ከሰሰና ምስክር ሲፈልግ፣ «እኔ አለሁ» ብላ የተነሣችው ማን መሰለቻችሁ?

«ከእንጀራሽ ሊነቅልሽ ለተሟገተ ሰው?» ብዬ ተቆጣኋት።

«እሱም ልጅ አለው ጋሼ። ደግሞ አሁን ብናገር ማን ያባርረኛል?» አለችኝ። ቋሚነት ማለት ጡረታ ብቻ ይመስለኝ ነበር፤ ለካ አፍም አለበት።

የሱ ጉዳይ ገና አልተወሰነም። ለምስክርነት የቀረበች ዕለት ግን እኔም ሱቄን ዘግቼ ከኋላ ወንበር ላይ ተቀምጬ ነበር። የዚህኛው ችሎት ዳኛ «ከሳሹ ሥራውን በአግባቡ ሲሠራ አይተዋል?» ብለው ጠየቋት።

«እንዴታ!» አለች ዘቢባ፣ ነጠላዋን አስተካክላ። «እኔን ከሥራዬ ለማስቀረት ነበር የሚሠራው። አንድም ቀጠሮ ቀርቶ አያውቅም። ጎበዝ ልጅ ነው፣ አላህ ይጠብቀው።»