እትዬ ቬልዳ መንገድ ሲያሳዩ

በዓለም ላይ ሁለት ዓይነት ሰው አለ፤ መሪ ይዞ የሚነዳና መሪ ሳይዝ የሚነዳ። አደገኛው ሁለተኛው ነው። እኛ አፓቺዎች ዘንድ ይህ ፍጡር በየቤቱ አንድ አንድ ታድሏል፤ ለኛ ቤት የደረሱን የእናቴ እህት፣ ክብርት እትዬ ቬልዳ ናቸው። መኪና ነድተው አያውቁም። በጎሳችን ምድር በሳን ካርሎስ ግን ያልነዱት ሹፌር የለም።

የመንገድ ምልክት አያነቡም። "ሁለቱ አለቶች የተኳረፉበት ጋ ስትደርሺ ወደ ቀኝ" ይላሉ። ቦታው ሁሉ ስም አለው፤ ስሙ ሁሉ ታሪክ አለው፤ ታሪኩ ደግሞ ከመንገዱ ይረዝማል። ቅድመ አያታቸው ከወታደር የተሸሸጉበትን ዋሻ ሳያሳዩ ዳቦ እንኳ አያስገዙም። አንዴ ጥርሴን ልነቀል ስሄድ አብረውኝ ተሳፈሩ፤ ሐኪሙ ዘንድ ስደርስ ሕመሙ ተስፋ ቆርጦ ትቶኝ ነበር። ለሚያማርር ሁሉ መልሳቸው አንድ ነው፤ "እኔ መንገድ ብቻ ነው የማሳየው።"

ባለፈው ጸደይ ግን ቀልድ የማያውቅ ጉዳይ ገጠመኝ። ልጄ ኬይሊን ለአቅመ ሔዋን ደርሳ የአራት ቀን ጭፈራዋ ቀርቧል። ለዚህ ከጎሳችን ውጭ የሆነች ጠንካራ ሴት ተለምና ዕድሜ ልክ እናት ትሆናታለች። ልመናው ፀሐይ ሳትወጣ ነው፤ የንስር ላባ በተለማኟ እግር ላይ ይቀመጣል፣ ካነሳችው እሺ አለች ማለት ነው። ሮበርታን መምረጤን ከእትዬ ደብቄያለሁ።

ጎህ ሳይቀድ ከኬይሊን ጋር ስንወጣ ፊት ወንበር ላይ ቀበቶ አስረው አገኘኋቸው።

"ወዴት ነው?"

"ሮበርታ ጋ።"

"እህ" አሉ። ጥቂት እንደሄድን፣ "ወደ ግራ።"

"እትዬ፣ የሮበርታ ቤት በቀኝ ነው። ፀሐይ ልትቀድመን ነው።"

"ፀሐይ ተራራ መውጣት አለባት፤ አንቺ መኪና አለሽ። ወደ ግራ።"

ታጠፍኩ። ሸምበቆ ከበቀለበት ምንጭ ዘንድ አስቆሙኝ።

"ወታደሮቹ ሕዝቡን ሰብስበው ወደ ቆላ ሳይነዱት፣ እናቶቻችን እዚህ በቆሎ ይዘሩ ነበር። ጎናቸው ሆነው ከአንድ ቦይ የሚያጠጡት እነማን ነበሩ?"

"እነማን?"

"የሮበርታ እናቶች። እህት ጎሳ ነን። ላባ ይዘሽ የገዛ እህትሽን ልትለምኚ ነው?"

ኬይሊን ከኋላ፣ "እማዬ፣ አለቀልን" አለች።

መሪው ላይ ተደፋሁ። "አሁን ማንን ልለምን?"

"ወደ ግራ አልኩሽ እኮ።"

በዚያ በኩል ያለው ቤት የትምህርት ቤቱ ምግብ አብሳይ የጃኔል ነው። መብራቱ በርቷል። ጃኔል ፀጉሯን አበጥራ በረንዳ ላይ ቆማለች፤ ቀኝ እግሯን ከጫማዋ አውጥታለች።

"ምነው በዚህ ሰዓት? ምን እግር ጣላችሁ?" አለች፣ እንደ ተማሪ ድራማ እየተወነች።

ላባውን አስቀመጥኩ። ጃኔል ኬይሊንን አየቻት፤ ትወናው ጠፋባት፤ ጎንበስ ብላ አነሳችው። ፀሐይ ገና ከተራራው ጀርባ ነበረች።

ስንመለስ ጠየቅኳቸው። "ቀድመው ነግረዋት ነበር?"

"እኔ መንገድ ብቻ ነው የማሳየው።"

"ለኔስ ለምን አልነገሩኝም?"

"ሰምተሽኝ ታውቂያለሽ?"

በአስር ደቂቃ ቤት የሚያደርሰውን አስፋልት አልፌ ወደ ቅድመ አያታቸው ዋሻ ታጠፍኩ።

"በዚህ ምን አመጣሽ? ቁርሴን አልበላሁም" አሉ። "ይቺ ልጅ መንገድ የሚባል አታውቅም።"

ዋሻው ጋ ስንደርስ ግን ሞተሩን አጥፊው አሉኝ።