አንድ ኮምፒውተርና የአያ ደባሱ አውጫጭኝ

ዕቃ በራሱ አይበላሽም ብሎ የሚያምን ሰው የሌለበት ሰፈር የለም። አምፖል ቢቃጠል፣ ባልዲ ቢያፈስ፣ ዶሮ እንቁላል መጣል ብታቆም፣ ይህ ሰው ብድግ ይልና «ማን ነካው?» ብሎ ይጠይቃል። እናንተም ሰፈር አለ፤ ስሙን እናንተ ታውቁታላችሁ። የእኛ፣ የላሊበላዎቹ፣ አያ ደባሱ ይባላሉ።

ክቡር ዳኛ አያ ደባሱ! «ክቡር ዳኛ» ያልኩት ለማሾፍ ብቻ አይደለም። ለብዙ ዘመን የቀበሌያችን ማኅበራዊ ፍርድ ቤት ዳኛ ነበሩ። ከችሎቱ ከወጡ ቆይተዋል፤ ይህንን ግን እስካሁን ደፍሮ የነገራቸው ሰው ያለ አይመስለኝም።

የሥራ ዘዴያቸው አንድ ነው፤ አውጫጭኝ። ድሮ ከብት ሲሰረቅ ወይም ክምር ሲቃጠል አገሩ በሙሉ አንድ ቦታ ተሰብስቦ፣ እያንዳንዱ ምሎ ያየውን እስኪናገር ድረስ ማንም ንቅንቅ አይልም ነበር አይደል? አያ ደባሱ ይህንኑ ለወፍጮ፣ ለሬዲዮ፣ ለቧንቧ አውለውታል። ራሳቸው ዕቃ አይነኩም፤ አንዲት ብሎን ፈትተው አያውቁም። «እኔ ዕቃ አልነካም። ዕቃ አላውቅም፤ ሰው ነው የማውቅ» ይላሉ፣ ከዘራቸውን መሬት ላይ ተከል አድርገው።

ሽምሽሃ ላይ ወፍጮ ቆሞ ባለወፍጮው ከወልዲያ መካኒክ ሊያስመጣ ሲነሳ፣ እህል ይዞ የተሰለፈውን ሕዝብ ሁሉ አስቀምጠው እስከ ቀትር መረመሩት። በመጨረሻ አንዲት ሴትዮ ያልደረቀ ስንዴ ማስፈጨቷን እያለቀሰች ተናገረች። ወፍጮው ተጠረገና ተነሳ። ይኼ እንግዲህ የተሳካላቸው ነው። ጋሸና ላይ አውቶቡስ የቆመብን ዕለት ግን ተሳፋሪውን በሙሉ አውርደው መንገድ ዳር ሲመረምሩ፣ አንዱ ሳይከፍል መሳፈሩን፣ ሌላው ለሚስቱ ደሴ ነኝ ብሎ መዋሸቱን፣ ረዳቱ ደግሞ ከላይ የጫነው የሰው ዶሮ መንገድ ላይ ወድቆ ዝም ማለቱን ተናዘዙ። የመኪናው ጉድ ሳይታወቅ የተሳፋሪው ጉድ ታወቀ። በኋላ ሌላ መኪና መጥቶ ወሰደን።

ወደ እኔ ጉዳይ ልምጣ። እኔና ሰሎሞን ከአንድ የኔታ ዘንድ ዳዊት የደገምን ጓደኛሞች ነን። በሁለት ሺህ ስምንት ዓ.ም. መንገድ ዳር አንዲት ክፍል ተከራይተን የጽሕፈትና የኮፒ ቤት ከፍተን ነበር። ጥግ ላይ ደግሞ ጌም ማጫወቻ የሚሆን አንድ ጉልበተኛ ኮምፒውተር አስቀመጥን። የኳስ ጌም ነው፤ ሁለት ሁለት ሰው ጆይስቲክ ይዞ ይጫወታል፣ ሃያ ሰው ከኋላ ቆሞ አሰልጣኝ ይሆናል።

ይኼ ጌም ታዲያ ዝም ብሎ አይከፈትም። መጀመሪያ ላውንቸር የሚሉት፣ እንደ ዘበኛ ያለ ፕሮግራም አለ። እሱ በኢንተርኔት ከጌሙ ባለቤቶች ጋር ተገናኝቶ፣ ማን እንደሆንን አጣርቶ ነው ወደ ጌሙ የሚያስገባን። የገና በዓል ሊደርስ ሁለት ሳምንት አካባቢ ሲቀረው፣ ከየዩኒቨርሲቲው ተማሪ ወደ ቤቱ መግባት ሲጀምር፣ ይኼው ላውንቸር እምቢ አለ። ስትጫነው ብልጭ ይልና ይጠፋል። አንዳንዴም ግንኙነቱ አስተማማኝ አይደለም የሚል ነገር በእንግሊዝኛ ጽፎ ይዘጋል።

ያላደረግነው የለም። አጠፋነው፣ አበራነው። ላውንቸሩን አውጥተን እንደ አዲስ ጫንነው፤ በእኛ ኔትወርክ ይኼን ማውረድ ብቻ አንድ ቀን ይፈጃል። ደሴ ያለ አንድ ወዳጃችን በስልክ «ፎርማት አርጉት» አለን። እሱ ሰው ሲታመምም ፎርማት አርጉት የሚል ይመስለኛል። ፈራንና ተውነው።

ከዚያ መካሰስ መጣ። ሰሎሞን ፊልም ያለበት ፍላሽ የሰካበት ቀን ትዝ አለኝ።

«ቫይረስ ያስገባኸው አንተ ነህ» አልኩት።

«ስልኬን ቻርጅ ላድርግ ብሎ የሰካውስ ማን ነው? ያበላሸኸው አንተው ራስህ!»

አንድ ቃል ሁለት ቃል ሲል፣ ከልጅነታችን ጀምሮ በሆዳችን የያዝነውን ሁሉ ዘረገፍነው። ከዚያም ተኳረፍን። በመካከላችን መልእክት የምታመላልሰው ጸሐፊያችን ባንቺዓለም ሆነች። «ባንቺዬ፣ ወረቀት አልቋል በይው።» «ባንቺዬ፣ ሰምቻለሁ በይው።» እጃችንን ብንዘረጋ በምንነካካባት ክፍል ውስጥ! በመጨረሻ እንካፈል ተባባልን፤ እሱ ኮምፒውተሩን፣ እኔ የኮፒ ማሽኑን። እውነቱን ልንገራችሁ፣ ጌሙ ቢቀር ይቅር፤ ሰሎሞንን ማጣት ግን አንጀቴን በላው። ግን ማን ቀድሞ ይናገር?

አያ ደባሱ በየጠዋቱ ከቤተ ክርስቲያን ሲመለሱ ደጃችን ላይ ካለችው የእንጨት ዱካ ላይ አረፍ ብለው፣ ባንቺዓለም የምትጽፈውን የሰው ማመልከቻ እያስነበቡ ያርማሉ። ማንም ለምኗቸው አያውቅም። አንድ ቀን ታዲያ መካፈላችንን ሰሙ።

«ምን ሰማሁ? ልትካፈሉ?»

ሁለታችንም አቀረቀርን።

«ሳይጣራ ክፍፍል የለም! እሑድ ከቅዳሴ በኋላ ያንን ዕቃ የነካ ሁሉ ይቅረብልኝ!»

እሑድ ደጃችን ገበያ መሰለ። እኔ፣ ሰሎሞንና ባንቺዓለም አለን። በጌሙ እስካሁን ያልተረታው ባለባጃጁ አባስ መጥቷል። ማኅሌት ቆሞ ያድርና ከሰዓት በኋላ ኳስ ሊጫወት የሚመጣው ዲያቆን ቃለሕይወትም አለ። የቀረው ሕዝብ ኮምፒውተር በዓይኑም አይቶ የማያውቅ፣ ወሬ ሊያይ የመጣ ነው። አያ ደባሱ ጉባኤውን ገርመም አደረጉትና «ተበዳይስ የታለ?» አሉ። ምን ይደረግ፣ ገመድ ከቤት ስበን ኮምፒውተሩን ደጅ አወጣነው። ወንበር ላይ ተቀመጠ። ባንቺዓለም አቧራ እንዳይነካው ፎጣ ጣል አደረገችበት።

«በቅዱስ ላሊበላ አምላክ! ያየ ይናገር! ያበላሸ ካለ ይነሳ! እስኪነገር ማንም ከዚህ ንቅንቅ የለም!»

ማንም አልተነሳም።

«ወላሂ አያ፣ እኔ ጆይስቲኩን እንጂ ሌላውን በጣቴም አልደረስኩበት» አለ አባስ። ዲያቆን ቃለሕይወት መሬት መሬት ያያል። ሰሎሞን «ባለ ቻርጀሩን ይጠይቁት» አለ፣ በአገጩ ወደ እኔ እያመለከተ። እኔም «ባለ ፍላሹን ይጠይቁት» አልኩ። ሰዉ አጉረመረመ። ፀሐዩ እየበረታ ሄደ፤ ከኋላ ያሉት ሹልክ ለማለት ቢሞክሩም አያ ደባሱ በከዘራቸው እያመለከቱ አስቀመጧቸው።

ጢማቸውን ደባበሱ።

«እሺ» አሉ፤ «ያበላሸ የለም። ያስተካከለስ?»

ተያየን።

«እኮ! ላቃና፣ ላሻሽል፣ ልጥቀም ብሎ የነካውስ አለ ወይ?»

ኧረ ጉድ! ደጁ በእጅ ተሞላ። አባስ ሶኬቱ ላላ ብሎ ቢያየው ወረቀት አጥፎ ወትፎበታል። ሰሎሞን ውስጡን በአፉ እፍ እያለ አቧራውን አራግፏል። እኔም ጀርባውን ከፍቼ ስመልሰው አንዲት ብሎን ብትተርፈኝ ትርፍ ናት ብዬ ኪሴ ከትቻታለሁ።

«እኔ...» አለ ዲያቆን ቃለሕይወት፤ «ከነአኩቶ ለአብ ያመጣሁትን ጠበል... ትንሽ ነው፣ በጣቴ ነካ አርጌ ከኋላው...»

«ጠበል? ኮምፒውተር ላይ?» ጮኸ ሰሎሞን።

«ለበጎ ነዋ!»

«ለበጎ ያልነካ ማን አለና እዚህ!» አሉ አያ ደባሱ። ከዚያ ወደ ባንቺዓለም ዞሩ። «አንቺስ፣ ልጄ?»

ባንቺዓለም የነጠላዋን ጫፍ ትጠቀልላለች። «እኔ ከራሴ ያረኩት የለም፣ አያ። የታዘዝኩትን ብቻ ነው።»

«ማን አዘዘሽ?»

ነጠላዋን ፈትታ እንደገና ጠቀለለች።

ሰሎሞን እኔን አየኝ፤ እኔም እሱን። ሁለታችንም በልባችን «ይኸው፣ ተያዝክ» እያልን ነበር።

«ማንም ይሁን ማን፣ ተናገሪ። አውጫጭኝ ነው፤ ትልቅ ትንሽ የለም።»

«ይተዉት አያ። እኔው ነኝ ያበላሸሁት፤ እንዲያ ይበሉና ሰዉም ይሂድ።» ዓይኗ እንባ አቀረረ።

አያ ደባሱ ሊቆጧት አፋቸውን ከፈቱና መልሰው ዘጉት። ልጅቱን አዩዋት። ኮምፒውተሩን አዩት። ከዘራቸውን ከአንዱ እጅ ወደ ሌላው አዛወሩ።

«ሰዓቱን ነው?» አሉ፣ በሚሰማ በማይሰማ ድምፅ።

ባንቺዓለም በአንገቷ አዎ አለች።

ነገሩ እንዲህ ነው። አንድ ጠዋት አያ ደባሱ ወደ ውስጥ ገባ ብለው ማመልከቻ ሲያርሙ ዓይናቸው ከጌም ኮምፒውተሩ ስክሪን ጥግ ያለው ሰዓት ላይ ያርፋል። ጠዋት አራት ሰዓት ላይ አስር ሰዓት ነው ይላል። ወራችን አራተኛው ወር ታኅሣሥ ሆኖ ሳለ አሥራ ሁለተኛ ይለዋል። ዘመኑንማ ሰባት ዓመት አስቀድሞታል። እሳቸው ደግሞ ስህተት አይተው የሚያልፉ ሰው አይደሉም። «ይህ ዕቃ በሕዝብ ፊት ይዋሻል፤ አቅኚው» ይሏታል። እሷም ትልቅ ሰው ያዘዛትን አቃናች። ሰዓቱን በእኛ፣ ቀኑንና ወሩን በእኛ፣ ዘመኑንም ሁለት ሺህ ስምንት አደረገችው።

እኛስ የት ነበርን? እኔም ሰሎሞንም ያንን ሰዓት ቀኑን ሙሉ ስናየው ነው የምንውለው። ልክ ነበራ! እጃችን ላይ ካለው ሰዓት ጋር ዝንፍ አይልም። ልክ የሆነን ነገር ማን ይጠረጥራል?

«ከፋለ!» ብሎ ጮኸ ሰሎሞን። በስሜ ሲጠራኝ ከሰማሁ ቆይቼ ስለነበር ደነገጥኩ። «ከፋለ፣ ገባህ? ኢንተርኔቱ የሚልከው የይለፍ ወረቀት በፈረንጅ ቀን የተጻፈ ነው። የእኛ ኮምፒውተር ደግሞ ሰባት ዓመት ወደ ኋላ ቁጭ ብሎ ‹ይህ ወረቀት የተጻፈበት ቀን ገና አልደረሰም፣ ፎርጅድ ነው› እያለ ይመልሰዋል! ላውንቸሩ በምን ይከፈት?»

አሁን ልብ በሉ። አያ ደባሱ ማምለጫ ነበራቸው። «እኔ ዕቃ አልነካም» ብለው ዞር ማለት ይችሉ ነበር፤ እውነትም አልነኩም። ባንቺዓለም ጥፋቱን ልትሸከም ተዘጋጅታለች። ከተሰበሰበው ሕዝብ ውስጥ ደግሞ ስንቱ ነው እሳቸው የፈረዱበት! አንዳንዱ ይህን ቀን ሲጠብቅ የኖረ ይመስል አንገቱን አስግጎ ያያል።

ባርኔጣቸውን አወለቁ።

«እጄ አልነካም» አሉ። «አፌ ግን ነክቷል። ያበላሸሁት እኔ ደባሱ ነኝ።»

አንገቱን ያሰገገው ሁሉ አቀረቀረ።

«ልጄ፣ እኔን አከብር ብለሽ ተጨነቅሽ፤ ይቅር በይኝ» አሏት ባንቺዓለምን። ቀጥለው ወደ እኛ ዞሩ። «እናንተ ደግሞ በእኔ ጥፋት ልትለያዩ ነበር። ይህን ሳላውቅ ብሞትስ ኖሮ? ወዳጅ ለይቼ አፈር ልገባ ነበር!» በጋቢያቸው ዓይናቸውን ጠረጉ።

ያን ጊዜ ያለቀስኩት እኔ ብቻ አይደለሁም። ሰሎሞን መጥቶ አንገቴን አቀፈኝ። ይቅርታ የሚል ቃል ከአንዳችንም አልወጣም። «ያቺን ብሎን ግን መልሳት» አለኝ በጆሮዬ።

ባንቺዓለም ሰዓቱን ወደ ፈረንጅ መለሰችው። ላውንቸሩ ብልጭ አለ፤ አልጠፋም። ከፈተ! ሴቶቹ እልል አሉ። አባስ ማንም ሳይቀድመው ጆይስቲኩን ይዞ ተቀመጠ። ዲያቆን ቃለሕይወት «ጠበሉም ረድቶ ይሆናል» እያለ ለአጠገቡ ሰው ሲነግር ሰማሁት። አያ ደባሱም ባርኔጣቸውን መልሰው ደፍተው ወደ መሄዱ ሲሉ ዞር አሉና «ይከፈት ግድ የለም፤ ሰዓቱስ ልክ ነበር» አሉን።

እኚህን ሰው ስንት ጊዜ አምተናቸዋል! ሲመጡ አይተን ስንት ጊዜ መጋረጃ ዘግተናል! ዛሬ ግን ከሰሎሞን ጋር ካንድ ሳህን የምቆርሰው በእሳቸው ነው። እግዜር ዕድሜና ጤና ይስጥልኝ እላለሁ። ፊት ለፊት ግን አልነግራቸውም፤ ምን አጥፍተህ ነው የምታመሰግነኝ ብለው ምርመራ ይከፍቱብኛል።

በዓመቱ ክረምት ላይ መብረቅ ወረደና ያ ኮምፒውተር ድም ብሎ ጨሰ። ምርመራ የሚፈልግ ነገር የለውም፤ ከስሏል፤ ሽታው መንገድ ድረስ ወጥቷል። እኔና ሰሎሞን አጠገብ ላጠገብ ቆመን ስናየው ቆየን።

«አያ ደባሱን ጥራቸው» አለኝ ሰሎሞን።

«ምን ሊያደርጉልን? መብረቅ ነው።»

«መብረቅ መሆኑን አውቃለሁ» አለ። «ይምጡና ይጠይቁን።»

ጃንጥላ ይዤ ልጠራቸው ሄድኩ።