ጋሽ መመሪያ የተሳሳቱ ዕለት

ወረፋ ባለበት ሁሉ፣ ራሱ ምንም ጉዳይ የሌለው አንድ ሰው አይጠፋም። ሁላችንም እናውቀዋለን። ሰልፉ ውስጥ አይቆምም፤ ከሰልፉ ጎን ነው የሚቆመው። እጁን ወደ ኋላ አጣምሮ ከፊት እስከ ኋላ ይመላለሳል። የያዝከውን ወረቀት ሳትሰጠው ያነበዋል። «ይኼማ ፎቶ ይጎድለዋል» ይልሃል። እውነትም ፎቶ ይጎድለዋል። የሚያናድደውም ይኼው ነው።

የኛ ሰፈሩ ሰውዬ ጋሽ መመሪያ ይባላሉ። ወላጆቻቸው ያወጡላቸው ስም ሌላ ነው፤ ከፖስተኛው በቀር ግን የሚያውቀው ያለ አይመስለኝም። ሥራቸው ልብስ ስፌት ነው። ከኛ ቤት የሚለያቸው አንድ ግድግዳ ብቻ ስለሆነ፣ ጠዋት የሚቀሰቅሰኝ የሳቸው መኪና ድምፅ ነው። በሕይወታቸው የነዱት መኪናም ያ ብቻ ነው፤ የስፌቱ። ሌላ መኪና ቀርቶ ብስክሌት የላቸውም።

በታርጋ፣ በሊብሬና በቦሎ ጉዳይ ግን ክቡርነታቸውን የሚስተካከል የለም። ማክሰኞና ሐሙስ ሱቃቸውን ይዘጉና ተሽከርካሪ ወደሚመዘገብበት መሥሪያ ቤት ይሄዳሉ። ለምን ብሎ የጠየቀ የለም። አረንጓዴ ቀለም የተቀባው ረጅም ኮሪደር፣ መጋረጃው ሁልጊዜ የተዘጋው አራተኛው መስኮት፣ በሲባጎ የታሰረው እስክሪብቶ፣ ሁሉም የሳቸው ግዛት ነው። ጥበቃው እንኳ የሚፈትሻቸው ሰላም ካላቸው በኋላ ነው።

አንድ ቀን አንድ ሐኪም ታርጋዬ በአራት ተመሳሳይ ቁጥር ይሁንልኝ ብሎ መስኮቱ ላይ ይሟገታል። ጋሽ መመሪያ ትከሻውን መታ መታ አደረጉት። «ዶክተር፣ በሰው ላይ እርስዎ ያውቃሉ። በታርጋ ላይ እኔ። እንዲህ ያለው ቁጥር በጨረታ ነው የሚወጣው። መመሪያው ግልጽ ነው።» ሐኪሙ የመጨረሻውን መድኃኒት እንደታዘዘለት በሽተኛ አንገቱን ደፍቶ ወጣ።

ቀብር ላይም አይምሩም። የአንድ ጎረቤታችንን አስከሬን ለመሸኘት ቆመን ሳለ፣ እሳቸው በሹክሹክታ (የሳቸው ሹክሹክታ ሦስት ቤት ያልፋል) «የአስከሬኑ መኪና ቦሎ አልፎበታል» አሉ። ሰው ሁሉ ዞር አለ። «ጋሼ፣ አሁን ይኼ ይወራል?» ሲሏቸው፣ «ሟች ይታገሣል፤ ትራፊክ ግን አይታገሥም» አሉ። ለቀስተኛው ሳቁን በመሐረብ ሸፈነ።

«ተሳስቻለሁ» የሚባል ነገር ግን ከአፋቸው ወጥቶ አያውቅም። አንዴ አንዲት ሴትዮ መስኮት ሁለት ሂጂ ብለዋት ሁለት ሰዓት ተሰልፋ፣ ጉዳዩ መስኮት አምስት ሆኖ ተገኘ። ብትጮህባቸው ጊዜ ረጋ ብለው፣ «መስኮቱ ነው የተሳሳተው» አሏት።

ታዲያ ሰው ሁሉ መላ አበጅቷል። ጋሼ ሲጀምሩ «እሺ ጋሼ፣ እሺ ጋሼ» እያሉ አንገት መነቅነቅ ነው። የሚሰማቸው ግን ጥቂት ነው። እኔም ከነቅናቂዎቹ አንዱ ነበርኩ።

አሁን ወደ ራሴ ጉዳይ ልምጣ። ስለ ራሴ ማውራት ያሳፍረኛል፤ ግን ካልገባሁበት ነገሩ አይገባም።

እኔና ባለቤቴ ልብስ አጣቢዎች ነን። መሀል ከተማ ያለ አንድ ክሊኒክ አንሶላውን ሰኞ፣ ረቡዕና ዓርብ ወስደን አጥበን እንድንመልስ ሊዋዋለን ተስማማ። ቅድመ ሁኔታው የራሳችን መኪና እንዲኖረን ነው። ያለ የሌለንን ሰብስበን አንድ ያረጀች ትንሽ የጭነት መኪና ገዛን። የጭነት መኪና ደግሞ መሀል ከተማ የሚገባው በተራ ነው። ታርጋው በሙሉ ቁጥር የሚያልቅ ሰኞ፣ ረቡዕና ዓርብ። በጎዶሎ የሚያልቅ ማክሰኞ፣ ሐሙስና ቅዳሜ። ስለዚህ እኛ የሚያስፈልገን ሙሉ ነው። ሙሉ ካላገኘን ውሉ ለሌላ ይሰጣል። በውሉ ተማምነን ሁለት ሴቶች ቀጥረን ነበር።

ምርጫውን የሚጠይቅ ቅጽ አለ። እኔ ደግሞ ፊደል የቆጠርኩት ዘግይቼ ነው። ቁጥር ላይ ደህና ነኝ፤ አንሶላ ስቆጥር አልሳሳትም። ጽሑፍ ላይ ግን፣ በተለይ ደቃቅ ከሆነና ሰው ቆሞ ካየኝ፣ ፊደሎቹ ይሸሹኛል። ባለቤቴ ማንበብ እንደምዘገይ ታውቃለች። ምን ያህል እንደምዘገይ ግን አታውቅም። ደብቄያታለሁ።

ማክሰኞ ዕለት ከጋሽ መመሪያ ጋር ሄድን። መንገዱን ሙሉ ስለ ታርጋ ብሎን አስተማሩኝ። ከዚያ ስለ ታርጋ ቀለም። ከዚያ ታርጋ ሲታጠብ በምን መታጠብ እንደሌለበት። ወረፋው ሲቃረብ ቅጹን አሳዩኝ።

«ስማኝ ልጄ» አሉኝ። አርባ አልፎኛል፤ ለሳቸው ግን ልጅ ነኝ። «ይኼ ቅጽ እንደ ሌላው አይደለም። የምትፈልገውን አይደለም የምትነካው። የማትፈልገውን ነው የምትሰርዘው። ጎዶሎን ሰርዝ፣ ሙሉን ተው። ገባህ?»

«እሺ ጋሼ።»

«ምን አልኩህ?»

«እሺ ጋሼ» አልኩ ደግሜ።

ይኼኔ ከኋላ አንዱ ተጣራ። «ጋሼ! የሞተር ብስክሌት ታርጋ ከፊትም ይታሰራል እንዴ?» ለንስሐ እንደተጠራ ቄስ ገስግሰው ሄዱ። እኔ ከቅጹና በሲባጎ ከታሰረው እስክሪብቶ ጋር ቀረሁ። ከኋላዬ ያለው ሰው ትንፋሹ አንገቴ ላይ ነው። «ወንድም፣ ቶሎ በላ፣ ሥራ አለን!»

ቅጹን አየሁት። ከላይ ደቃቅ ጽሑፍ አለ፤ አለፍኩት። ከታች ሁለት ቃል አለ። አንዱ አጭር ነው። ሙ… ሉ። አወቅሁት! ደስ አለኝ። እሱ ላይ ትልቅ፣ ያማረ ኤክስ አደረግሁበት። ስሜን ጻፍኩ። ከግርጌ ሌላም መስመር ነበረ፤ ምን እንደሚል ስላልገባኝ ባዶውን ትቼው ሰጠሁ።

ሐሙስ ታርጋውን በጋዜጣ ጠቅልለው ሰጡኝ። ሳልፈታው ወደ ቤት በረርኩ። ባለቤቴ መተኮሻው ጠረጴዛ ላይ ፈታችው። ከዚያ ጣቷን መጨረሻው ቁጥር ላይ አደረገች።

«ሰባት ከመቼ ወዲህ ነው ሙሉ የሆነው?»

ጋዜጣውን ማጠፍ ጀመርኩ።

«ቅጹን ማን ነው የሞላው?» አለች።

«ጋሼ አብረውኝ ነበሩ» አልኩ። ውሸት አይደለም። ግን ከውሸት የሚብስ እውነት አለ።

ግድግዳውን በቡጢ ደበደበችው። «ጋሼ! ኑማ፣ ጉድዎን ይዩ!»

ሜትራቸውን አንገታቸው ላይ ጥለው፣ መርፌ ቁልፍ በከንፈራቸው ይዘው መጡ። ታርጋውን አዩ። ከዚያ እኔን አዩኝ። ቆይተው አዩኝ። መርፌ ቁልፎቹን አንድ በአንድ ከከንፈራቸው አወጡና እጀጌያቸው ላይ ሰኩ። ማብራሪያ ይመጣል ብዬ ጠበቅሁ። «ነገ ጠዋት ሁለት ሰዓት» ብቻ ብለው ወጡ።

ዓርብ ሦስታችንም መስኮት ሦስት ፊት ቆምን። መነጽሯን በገመድ ያንጠለጠለችው ሠራተኛ ቅጹን ከፋይል አወጣች።

«ይኸው። ሙሉ ተሰርዟል። ሞኝና ወረቀት የያዘውን አይለቅም፤ ጸድቋል። ከስድስት ወር በኋላ መቀየር ይቻላል።»

«እኅቴ፣ ሥራችን ሰኞ እኮ ነው የሚጀምረው!» አለች ባለቤቴ። «ስድስት ወር ማን ይጠብቀናል? የቀጠርናቸውን ሴቶች ምን ልበላቸው?»

«መጀመሪያ ማን እንደሞላው ንገሩኝ።»

ከኋላችን ሠላሳ ሰው ይሆናል። ግማሹ ያውቀናል። ባለቤቴ አጠገቤ ናት። አፌን ከፈትኩ። እምላለሁ፣ ከፍቼ ነበር።

«እኔ ነኝ» አሉ ጋሽ መመሪያ።

ሠራተኛዋ መነጽሯን አወለቀች። «እርስዎ?»

«እኔ። ማክሰኞ፣ ከረፋዱ አራት ሰዓት ተኩል። ቅጹን ባለንብረቱ ሳይሆን ሌላ ሰው በስህተት ሞልቶት ከሆነ፣ ታርጋው በወጣ በሦስት ቀን ውስጥ የሞላው ሰው በጽሑፍ ካመነ፣ በዕለቱ ይቀየራል። አንቀጽ አሥራ ዘጠኝ። ከግርጌ ‹ቅጹን የሞላው› የሚለው መስመር ባዶ ነው፤ ይዩት።»

አየችው። ባዶ ነው።

«አንቀጽ አሥራ ዘጠኝ የሚቀጥለውንም እንደሚል ያውቃሉ አይደል?» አለች፣ ድምፅዋን ዝቅ አድርጋ። «ያመነ ሰው ለስድስት ወር የማንንም ቅጽ መሙላት፣ እዚህ ግቢ ማንንም ማማከር አይችልም። ስሙም ማስታወቂያ ሰሌዳው ላይ ይለጠፋል።»

«መመሪያው ግልጽ ነው» አሉ። እንደዚያ ዝግ ብለው ሲናገሩት ሰምቼ አላውቅም።

ሰልፉ ተንጫጫ። «ጋሼ ተሳሳቱ?» «ኧረ አይደረግም!» ያቺ መስኮት ሁለት የላኳት ሴትዮ ከየት እንደመጣች እንጃ፣ «ዛሬስ የተሳሳተው መስኮቱ ነው ወይስ እርስዎ?» አለች። ሰው አውካካ።

«እኔ ነኝ እመቤቴ» አሉና፣ በዚያ ጥሩ የእጅ ጽሑፋቸው «በስህተት ሞልቻለሁ» ብለው ጻፉ። ፈረሙ። በአራት የሚያልቅ ታርጋ ተሰጠን።

ወደ ቤት ስንመለስ ባለቤቴ መንገዱን ሙሉ ወረደችባቸው። አውቃለሁ ባይነት ሰው ያስርባል አለች። ሰው ቤት ገብቶ ከማቡካት መጀመሪያ ራስን ማወቅ ይሻላል አለች። እሳቸው «ልክ ነሽ፣ ልክ ነሽ» ይላሉ። በር ላይ ስንደርስ እሷ ቀድማ ገባች። «ጋሼ፣ እኔ…» ብዬ ጀመርኩ። «ታርጋውን ጥብቅ አድርገህ እሰረው» አሉኝ። «የኋለኛው ይንኳኳል።» ገቡና በራቸውን ዘጉ። ሆድ ይፍጀው ብዬ እኔም ቤቴ ገባሁ።

ሰኞ ሥራ ጀመርን። እስካሁንም እየሠራን ነው።

ማክሰኞና ሐሙስ ግን ከግድግዳው ወዲያ የስፌቱ መኪና ይሰማኝ ጀመር። በነዚያ ቀኖች ሰምቼው አላውቅም ነበር። አንድ ቀን መሥሪያ ቤቱ ብቅ ብል፣ ሰው ፎቶ ጎድሎት እየተመለሰ፣ ሳይፈልግ መስኮት አምስት ተሰልፎ ያየሁትን ትርምስ አልነግራችሁም። ሰሌዳው ላይ ሦስተኛው መስመር የሳቸው ነው። እውነተኛ ስማቸውን ሰፈሩ ያወቀው ያኔ ነው፤ ደስ የሚል ስም ነው፤ ግን ማንም አልጠራቸውም በሱ።

እኔ ሱሪ ሊለኩልኝ ነው እያልኩ ሱቃቸው መመላለስ ያዝኩ። በስድስት ወር ውስጥ የተሰፋልኝ ሱሪ አንድ ነው። ባለቤቴ ሱሪው ምን ዓይነት ቢሆን ነው ስትል ትገረማለች። ማንበብ እያስተማሩኝ ነበር። ሌላ መጽሐፍ ስለሌላቸው በራሱ በመመሪያው ነው ያስተማሩኝ። ስለዚህ ፍቅር የሚለውን ቃል ሳልጽፍ «የባለንብረትነት ማረጋገጫ» መጻፍ ቻልኩ። ሲያስተምሩ ክፉ ናቸው። ይቆጣሉ፤ በሜትር ጠረጴዛውን ይመታሉ። ስለዚያች ቅጽ ግን አንድ ቀን አንስተው አያውቁም።

ስድስት ወሩ ባለፈው ሳምንት አለቀ። ለዚህ ነው አሁን የምጽፈው። ተሳሳቱ የተባሉት ትክክል በተናገሩበት ቀን ነው። ያልሰማሁት እኔ ነኝ፤ የሰረዝኩትም እኔ። ባለቤቴ እስከ ዛሬ ሰላምታዋ ለሳቸው ቀዝቃዛ ነው። ያ ቅዝቃዜ የኔ ነበር፤ ስድስት ወር ሙሉ እሳቸው ተሸከሙልኝ።

እስከዚህ ያለውን ጽፌ ለባለቤቴ ሰጠኋት። ከዚህ በታች ያለው በማግስቱ የተጨመረ ነው።

ቆማ አነበበችው። እኔ አራት ቀን የጻፍኩትን ስኳር ሻይ ውስጥ እስኪሟሟ ጨረሰችው።

«ከኔ ነው ያፈርከው?» አለች።

«ካንቺ ነው» አልኩ።

ወረቀቱን አጥፋ ሽርጧ ኪስ ከተተችውና ወጣች። የጋሼ በር ሲንኳኳ ሰማሁ። የሷ ድምፅ ዝቅ ብሎ ይሰማል። የሳቸው አይሰማም። ጆሮዬን ግድግዳው ላይ አደረግሁ፤ ነውር ነው፣ ግን አደረግሁ።

ቀስ ብሎ የጋሽ መመሪያ ድምፅ መጣ። አንሶላ ላይ የደረቀ ደም በሙቅ ውሃ እንደማይነካ ያስረዷታል። ሃያ ዓመት አንሶላ ላጠበች ሴት!

አፏን ከፍታ እስክትወርድባቸው ጠበቅሁ። ሻዬ ቀዘቀዘ። እስኪመሽ አልተመለሰችም።