እህቴ በቴሌቪዥን የሞተች ዕለት

እኛ አገር ጎረቤት በሕይወት ሳለህ ደጅህን ባይረግጥም ስትሞት ድንኳን ተሸክሞ ይመጣል። አልነቅፍም። ያልተለቀሰ ሐዘን ሰውን ምን እንደሚያደርግ እቤታችን አይቻለሁ። ወሬ ማብዛት ስለማልወድ ባጭሩ ላውጋችሁ።

ታላቅ ወንድማችን ታደሰ፣ ያኔ አዋሳ በምንላት በዛሬዋ ሀዋሳ፣ አንድ ማለዳ ተወስዶ አልተመለሰም። መገደሉን የነገረን የቀበሌው ሊቀመንበር ነው። ማልቀስ ክልክል መሆኑንም የነገረን እሱ ነው፤ ሁለቱንም ባንድ ትንፋሽ። እናቴ ነጠላዋን እንኳ ሳትዘቀዝቅ ሰባት ዓመት ቆየች። በእነዚያ ዓመታት ምን በልተን እንዳደርን አትጠይቁኝ።

እህቴ ብዙነሽ የቀበሌው ኪነት ቡድን ውስጥ ነበረች። ለትርዒት አዲስ አበባ ሄደው ሳለ የቴሌቪዥን ሰዎች አይተዋት ለአንድ ድራማ መረጧት። ድርሻዋ ታሞ መሞት ነው። ተቀርፃ ስትመለስ የአሞራ ገደል ዓሣ አጥማጆች መቀለጃ አደረጓት፤ «ብዙዬ፣ ለሟች የሚሆን ቆሮሶ ዓሣ አለን፤ አጥንት የለውም!»

በቀበሌያችን ያለው ቴሌቪዥን አንድ ነው። የሚኖረው የሚቆለፍ የእንጨት ሣጥን ውስጥ ሲሆን ቁልፉ ከሊቀመንበሩ ኪስ አይወጣም። ድራማው የሚታይ ዕለት አዳራሹ ጢም አለ። ሊቀመንበሩ ከፊት፣ እኛ ከኋላ። ብዙነሽ እናቴ ጎን ቁጭ ብላ ቆሎ ትቆረጥማለች።

በቴሌቪዥኑ ውስጥ ያለችው ብዙነሽ ዓይኗን ስትከድን እናቴ ብድግ አለች። ነጠላዋን ዘቀዘቀች።

«ልጄን! ልጄን!»

«እማዬ፣ እዚህ ነኝ እኮ!» አለች ብዙነሽ ቆሎዋን እንደጨበጠች።

«ማን አንቺን አለ!» ብላ እናቴ ደረቷን መታች።

አዳራሹ ወዲያው ገባው። ሴቶቹ ተቀበሏት። ለካ የራሱን ሐዘን አምቆ ያልኖረ አልነበረም። ሊቀመንበሩ ተነስቶ፣ «ምንድን ነው ይሄ?» ቢል ጎረቤታችን እትዬ ወርቄ እንባቸውን ሳይጠርጉ፣ «ጓድ፣ አያዩም እንዴ? ልጅቷ ሞተችብን!» ብለው ወደ ሣጥኑ ጠቆሙ። ሊቀመንበሩ ሣጥኑን አየ። ሣጥኑ የመንግሥት ነው። ተቀመጠ።

እናቴ ከሰባት ዓመት ወዲህ ለመጀመሪያ ጊዜ ያለ መባነን የተኛችው በዚያ ሌሊት ነው።

ሁለት ወር ቆይቶ ለብዙነሽ ሌላ ጥሪ መጣ። ደስታዋን አልነግራችሁም፤ ያን ቀን ሦስት ጊዜ ፀጉሯን ተሠራች። ከከተማ ለመውጣት የቀበሌ ይለፍ ያስፈልግ ስለነበር አብሬያት ቢሮ ሄድኩ። ሊቀመንበሩ ማኅተሙን አንስቶ ቆም አለ።

«በዚህኛውም ትሞቻለሽ?»

«ድርሰቱ እንደዚያ ነው፣ ጓድ።»

ወረቀት ገፋላት። «እንግዲያ እናትሽ እንደማታለቅስ ፈርሚ።»

እህቴ እስክሪብቶውን ተቀብላ አየችው። ከዚያ መልሳ ጠረጴዛው ላይ አኖረችው።

«እኔ የተጠራሁት ለመሞት ነው እንጂ እሷን ዝም ለማሰኘት አይደለም» አለች።

ተዋናይነቷ እዚያ ላይ አበቃ። አንዴ ታየች፣ አንዴ ሞተች፣ በቃ።

መንግሥት ተለወጠ። ሊቀመንበሩም አርጅቶ ሞተ። እናቴ «ለቅሶ አይቀርም» ብላ ሁለታችንንም ይዛን ሄደች። እሷ ነጠላዋን ሳትዘቀዝቅ ጥግ ይዛ ተቀመጠች። ብዙነሽ ግን ከሟቹ ልጆች በላይ አለቀሰች፤ ድንኳኑን አስለቀሰችው።

ስንመለስ፣ «ምን ነካሽ?» አልኳት።

«ሁለተኛው ድራማዬ ነዋ» አለችኝ።

ይሁን። ግን መሐረቧን ያዝልኝ ብላኝ ነበር፤ ርሶ ነበር።