ካድሬው የተጠራበት ድግስ

ሰው ከመንደሩ ተነጥቆ ሌላ ዓለም ውስጥ ሲጣል ደስ የሚለው በጨዋታ ብቻ ነው። የእህቴ ልጅ ማርታ ዩኒቨርሲቲ ሲዘጋ ጂንካ እኔ ዘንድ ትመጣና ስልኳ ላይ ተደፍታ ትውላለች። የምታጫውተው ጀግና ድንገት ከመንገድ ይነጠቅና የማያውቀው አገር ይገባል። ገና አቧራውን ሳያራግፍ ቋንቋው ይገባዋል፣ ሰይፍ ይታደለዋል፣ ንጉሥ ቀርቦ ያነጋግረዋል። እኔ እበግናለሁ።

"አጎቴ፣ በጨዋታም ይናደዳሉ እንዴ?" ትለኛለች።

እስቲ እናንተ ፍረዱኝ። በደርግ ጊዜ ቱርሚ ክሊኒክ ውስጥ የሐመሮችን ቋንቋ የለመድኩ ድሬሰር ነበርኩ። ኦይታ የሚባል የሐመር ወጣት ከብት የሚዘልበት ቀን ተቆርጦለታል። በሐመር ወንድ በተደረደሩ ከብቶች ጀርባ ላይ ሳይሮጥ ሚስት አያገባም። እንግዳ የሚጠራው ደግሞ በገመድ ነው፤ ተጠሪው የተቋጠረ ገመድ ይሰጠዋል፣ በየማለዳው አንድ ቋጠሮ ይፈታል፣ ቋጠሮው ሲያልቅ ድግሱ ደረሰ ማለት ነው። ከግድግዳ ካላንደር አይከፋም፤ ቀን አያስትም።

ኦይታ ገመዶቹን ለማደል ገበያ ሲወጣ አንድ ካድሬ አስቆመውና ምን እንደያዘ በአማርኛ ጠየቀው። ኦይታ አማርኛ አያውቅም። ሰውዬው ግን ሽጉጥ የታጠቀ ትልቅ ሰው ነው፤ ትልቅ ሰው ሳይጠሩ ማለፍ ደግሞ ነውር ነው። አንዱን ገመድ አክብሮ ሰጠው። ካድሬው ገለባብጦ አየና የፀረ አብዮተኞች የምስጢር መልእክት ነው አለ። ኦይታን በጭነት መኪና ጭነው ጂንካ አሰሩት፤ ለምን እንደታሰረ በቋንቋው የሚነግረው አንድ ሰው በሌለበት። ሰይፍም አልታደለውም።

ተከትዬ ሄድኩ። "ጓድ፣ እርስዎን ለድግስ ጠርቶ ነው" ብዬ የቋጠሮውን ነገር አንድ በአንድ አስረዳሁ።

"ይጣራል" አለኝ። ስመለስም "እየተጣራ ነው"።

የማርታ ጨዋታ ሲቆም ዓለሙ ሁሉ ባለበት ይጠብቃል። ሐመር እንዴት ይጠብቅ? በየጎጆው ቋጠሮ እየተፈታ ነው። እንግዳው ከአርቦሬ ድረስ በእግሩ መጣ፣ የተጠመቀው ቦርዴ ደረሰ፣ ከብቱ ተደረደረ፤ ዘላዩ የለም። እናቱ ከጂንካ በኩል የመጣውን ሁሉ ስትጠይቅ ዋለች። የዓመቱ ማሽላ በቦርዴ አለቀ፤ ለሌላ ድግስ እህል ከየት ይምጣ? ዛሬም ሳስበው ያንገበግበኛል።

ሁሉም ነገር ካለፈ በኋላ ለቀቁት። ካድሬው መሳቢያውን ስቦ ገመዱን አወጣና ኦይታ መዳፍ ላይ አኖረለት።

"ንገረው" አለኝ፣ ደረቱን ነፍቶ። "አብዮታዊ መንግሥታችን የሰው ንብረት አይነካም። አንድም ቋጠሮ አልፈታንበትም።"